የምድር ቤቷ ልጅ እና ወጌሻው

ካፊያ አባቷን የካደችው አንድ ማክሰኞ ረፋድ ላይ ነው። ብዙ መናገር አላስፈለጋትም፤ አንዲት አጭር ዓረፍተ ነገር በቃቻት። ከአፏ ስትወጣ ቀላል ነበረች። ክብደቷ የመጣው በኋላ ነው።

ካፊያ የወጣላት ስም ነው። በወጌሾች ቤት፣ ምድር ቤት ውስጥ፣ በየጠዋቱ እንጉዳዮቹ ላይ ውሃ የምትረጨው እሷ ነበረች። ውሃው ከእጇ ስስ ሆኖ ስለሚወርድ የሥራ ጓደኞቿ እንዲያ ጠሯት፣ ስሙም በዚያው ጸናባት።

ምድር ቤቱ ደብዘዝ ያለና እርጥብ ነው። በሁለቱ ግድግዳ ሥር የተደረደሩት የእንጨት ሳጥኖች በሰጋቱራና በፈረስ ፋንድያ ተጠቅጥቀው ነጫጭ እንጉዳይ ያበቅላሉ። የሚፈለገው ግን እንጉዳዩ ሳይሆን ከሥሩ ሰጋቱራውን ሰንጥቆ የሚሄደው ክር ነው፤ ከፀጉር የቀጠነ፣ ሲነኩት ለብ የሚል ነጭ ክር። ላይኛው ፎቅ ያሉት ወጌሾች የክሩን አንድ ጫፍ ማጅራታቸው ላይ፣ ሌላውን ጫፍ ደግሞ የተሰበረው ሰው የእጅ አንጓ ላይ ያሳርፉታል። ጥቂት ትንፋሽ ሳይቆይ የሁለቱ ሰዎች አእምሮ በክሩ በኩል ይገናኝና አስማቱ ይመጣል። ከየት እንደሚመጣ የሚያውቅ የለም። ሲመጣ ግን የተሰበረ አጥንት ስሙን እንደሰማ ልጅ ወደ ቦታው ይመለሳል፤ የሚፈስ ደምም ይቆማል።

ታዲያ ክሩ አመለኛ ነው። ከተቆረጠ በኋላ ከግማሽ ሰዓት በላይ አይኖርም። በዚያ ላይ ወጌሻው በክሩ በኩል የሚያገኘው አጥንቱን ብቻ ሳይሆን የሰውየውን ልብ ጭምር ነው። ስለዚህ ወጌሾች ሁሉ በበሽተኛ ልብ ውስጥ ያዩትን ላያወሩ ይምላሉ። በሽተኛው ልቡን ከቆለፈ ደግሞ አስማቱ ደጅ ቆሞ ይቀራል፤ ክሩም ጠቁሮ ይሞታል።

ክሩ ከምድር ቤት ወደ ላይ የሚወጣው በገመድ በምትሳብ ትንሽ ቅርጫት ነበር። ፍቅራቸውም የጀመረው በዚያችው ቅርጫት ነው። አንድ ቀን ባዶዋን መውረድ ሲገባት ብጣሽ ወረቀት ይዛ ወረደች። «የዛሬው ክር ከሌላው ቀን ይሞቃል። ማን ነው ያሳደገው?» ይላል። ካፊያ ወረቀቱን ገልብጣ «ውሃ የምትረጨዋ» ብላ ጻፈችና መልሳ ላከችው። በማግስቱ ነጭ ካፖርት የለበሰ ረጅም ወጣት ጓሮ ድረስ መጥቶ «ውሃ የምትረጨዋ ማናት?» ብሎ ጠየቀ። ወሬ የማያመልጣት፣ ሬዲዮ የሚሏት የሥራ ጓደኛዋ፣ ግቢው በሙሉ እንዲሰማ አድርጋ «ያቻትና! ያቺ እንደ ቲማቲም የቀላችው!» አለች።

ወጣቱ የዋናዋ ወጌሻ ልጅ ነበር። ቤቱ የእናቱ ነው፤ ትዕዛዙም፣ ሕጉም፣ ቁጣውም የእሷ። ከሕጎቿ አንዱ፣ የምድር ቤት ሰው አፈርና ፋንድያ ይዞ ላይኛው ፎቅ እንዳይደርስ የሚል ነው። ስለዚህ ሁለቱ በሥራ ቀን የሚነጋገሩት በቅርጫቷ፣ እሁድ እሁድ ደግሞ ወንዙ ዳር ባለው መናፈሻ ነበር። ስምንት ወር እንዲህ አለፈ። ቀልድ ይነግራታል፤ የምትስቀው ግን በቀልዱ ሳይሆን እሱ ራሱ ከሁሉ ዘግይቶ በሚስቀው ሳቅ ነው። አንዴ «ስለ አባትሽ አንድም ቀን ነግረሽኝ አታውቂም» ብሎ ጻፈላት። «ሌላ ጊዜ» ብላ መለሰች። ሌላው ጊዜ ግን እየራቀ ሄደ።

አባቷ በየቀኑ በዚያው ግቢ ውስጥ ነበሩ። ከፈረስ በረት ፋንድያ፣ ከእንጨት መሰንጠቂያው ሰጋቱራ በጋሪ ገፍተው በኋላ በር የሚያስገቡት እሳቸው ናቸው። ጋሪው ቁልቁለት ላይ ሲፈጥንባቸው «ቀስ! ቀስ በሉ!» እያሉ ሰዉን ስለሚያስጠነቅቁ ሁሉም ሰው ጋሽ ቀስ ይላቸዋል። ሚስታቸው ከሞተች ጀምሮ ልጃቸውን ለብቻቸው ያሳደጉት በዚያ ጋሪ ነው።

ያን ማክሰኞ ዋናዋ ወጌሻ ለዓመታት ያልረገጠችውን ደረጃ ቀሚሷን በሁለት እጇ ሰብስባ ወረደች። ልጇ ከኋላዋ ነበር። ፊቱ ላይ የነበረው ደስታ ልጅ አስመስሎታል፤ ካፊያን እያየ በዓይኑ «አትፍሪ» ይላታል። እናቱ ዘንድ የሷን ነገር ማንሳቱን ያወቀችው ያኔ ነው።

«ክርሽን ሰምቻለሁ» አለች ዋናዋ ሳጥኖቹን እየቃኘች። «እጅሽ ጥሩ ነው። ወላጆችሽ ምን ይሠራሉ?»

«እናቴ ሞታለች፣ እትዬ።»

«ነፍስ ይማር። አባትሽስ?»

የኋላው በር የተከፈተው ይሄኔ ነው። «ቀስ! ቀስ!» የሚለው ድምፅ ቀድሞ ገባ፤ ጋሪው ተከተለ፤ ከጋሪው በስተኋላ ሱሪያቸው እስከ ጉልበቱ ፋንድያ የነካው፣ ላብ ያጠመቃቸው ሽማግሌ ብቅ አሉ። ጠዋት ቤት የረሳችውን ምሳ በጨርቅ ጠቅልለው ብብታቸው ሥር ይዘውታል። «ልጄ፣ ምሳሽን...» ብለው ጀመሩና ሰዎቹን አይተው አቆሙ።

ዋናዋ ወጌሻ አፍንጫዋን በመሐረቧ ያዝ አደረገች። «እኚህ ናቸው እንዴ አባትሽ?»

ካፊያ አባቷን አየች። ሱሪያቸውን አየች። ከዚያ ነጩን ካፖርት፣ ከዚያ ደግሞ መሐረቡን አየች።

«አይ፣ ሰጋቱራ የሚያመጡልን ሰውዬ ናቸው» አለች።

ከሳጥኖቹ ማዶ ሰጋቱራ ታገላብጥ የነበረችው ሬዲዮ እጇን አየር ላይ እንዳንጠለጠለች ቀረች። ጋሽ ቀስ የተጠቀለለውን ምሳ ቀስ ብለው ወደ ጀርባቸው አዞሩት። ፊታቸው ላይ የተለየ ነገር አልታየም። ጎንበስ ብለው የጋሪውን እጀታ ያዙና የገዛ ልጃቸውን «ሰጋቱራውን የት ላራግፍልዎ?» ብለው ጠየቋት።

በእጇ ወደ ጥጉ ጠቆመቻቸው። እጇ የሌላ ሰው መሰላት።

*

የዚያን ቀን አመሻሽ ላይ በሁለት ክፍል ቤታቸው ውስጥ አባትና ልጅ እንደ ወትሮው ተቀመጡ። ጋሽ ቀስ ስለ ፈረሶቹ አወሩ። አንዱ ፈረስ ኮፍያቸውን እንደበላባቸው፣ እሳቸውም «ነገ ፋንድያህን ስዝቅ አገኘዋለሁ» እንዳሉት ነገሯት። ሌላ ቀን ብትሆን በሳቅ ትፈርስ ነበር። የጨርቁ ጥቅል እንደታሰረ መደርደሪያው ላይ ተቀምጧል። ምሳውን እሷም አልበላችው፤ እሳቸውም አልበሉት።

«አባዬ» አለች በመጨረሻ፣ «የዛሬው ነገር...»

«ተይው።»

«ልንገርህ...»

«ምን ትነግሪኛለሽ? ሰጋቱራ አመጣለሁ አይደል? ውሸት አላወራሽም» አሉና ጫማቸውን ለመፍታት አቀረቀሩ። ማሰሪያው እንቢ ያላቸው ይመስል ለረጅም ጊዜ አቀርቅረው ቆዩ።

ምነው በሰደበኝ፣ ምነው በጥፊ ባለኝ ብላ ተመኘች። ጥፊ ቢሆን ይበርድ ነበር።

በማግስቱ ቅርጫቷ ደብዳቤ ይዛ ወረደች። «እናቴ ወደደችሽ! ‹እጀ ጥሩ ልጅ ናት› አለችኝ። ከእሷ አፍ ይህ ምርቃት ነው። አሁን የቀረው አባትሽን ማየት ብቻ ነው አለች። መቼ ልምጣ? የምለብሰውን ካሁኑ እያሰብኩ ነው፣ አትሳቂብኝ።» ካፊያ ደብዳቤውን ሦስት ጊዜ አነበበችው። እያንዳንዱ የደስታ ቃል እንደ መርፌ ወጋት። አልመለሰችም። በሁለተኛው ቀን ሌላ መጣ፤ በሦስተኛው ሌላ። በአምስተኛው ቀን የመጣው አጭር ነበር። «ዝምታሽ ገብቶኛል መሰለኝ። ከእኛ ቤት መዛመድ ከብዶሽ ከሆነ ንገሪኝ። እናቴ ሰው እንደምታስጨንቅ አውቃለሁ። እኔ ግን እናቴን አይደለሁም።»

ያኔ እውነቱን ልትጽፍለት ብዕር አነሳች። «አባቴ...» ብላ ጀምራ ሰረዘችው። እውነቱን ከጻፈች የሚያነበው የአባቷን ሥራ አልነበረም፤ የእሷን ልክ ነው። ወረቀቱን ቀዳ ጣለችና በሌላ ወረቀት ላይ «አትጻፍልኝ። የምትወዳት ሴት እኔ አይደለሁም» ብላ ላከችለት።

ከዚያ ወዲያ ቅርጫቷ ባዶዋን ትወጣ፣ ባዶዋን ትወርድ ጀመር። እሁድ መናፈሻው ውስጥ አንድ ሰው እስከ ማታ ብቻውን ተቀምጦ እንደነበር ሬዲዮ ነገረቻት። «ምን አጥፍቶ ነው እንዲህ የምትቀጪው?» አለቻት። ካፊያ ሳጥኑ ላይ አጎነበሰች። እሱ የሚያለቅሰው በሌለ ጥፋቱ ነው፤ እሷ ደግሞ ባለው ጥፋቷ ማልቀስ እንኳ አፍራለች።

*

ጋሽ ቀስ የወደቁት ዝናብ ባደረበት ጠዋት ነው። ወደ ኋላ በሩ የሚወስደው ቁልቁለት ረጥቦ ነበር። ጋሪው ሞልቷል። «ቀስ!» ብለው ሲጮሁ ሰው ሁሉ ዘወር አለ፤ ጋሪው ግን አልሰማቸውም። ግድግዳው ላይ አጣብቆ ጭናቸውን ሰባበረው።

ካፊያ ሳጥን ላይ አጎንብሳ ክር እየለየች ነበር። ሬዲዮ ፊቷ ተለዋውጦ ስትገባ አየቻት። «አባትሽ!» ከማለት በቀር ሌላ ቃል አልወጣትም። ደጅ ስትደርስ አራት ሰዎች በቃሬዛ ተሸክመዋቸው ደረጃውን እየወጡ ነው። ልትከተላቸው ሮጠች። በረኛው በሁለት እጁ አገዳት። «የምድር ቤት ሰው ወደ ላይ አይወጣም፣ እህቴ። ሕጉን ታውቂያለሽ። ደግሞስ ላንቺ ምንሽ ናቸው?»

አፏን ከፈተች። ስድስት ሰው ቆሞ ያያታል። ዘግታው ወደ ምድር ቤት ተመለሰች፤ ሁለተኛ ጊዜ ካደች።

የቅርጫቷ ደወል ጮኸ። ክር ቆርጣ ላከች። ሩብ ሰዓት ሳይሞላ ቅርጫቷ ተመለሰች፤ ክሩ እንደ ከሰል ጠቁሯል። ሌላ ላከች። እሱም ጠቁሮ ወረደ። ከሁለተኛው ጋር በጥድፊያ የተጻፈ ብጣሽ ነበር። የምታውቀው የእጅ ጽሑፍ ነው፤ ላኪው ግን ሽማግሌው የማን አባት እንደሆኑ አያውቅም። «ሽማግሌው ልባቸውን ቆልፈውታል። እኔም እናቴም ሞክረን አቃተን። ደማቸው እየፈሰሰ ነው። ከሁሉ የሚሞቀውን ላኪልኝ።»

ካፊያ ብጣሹን ይዛ ቆመች። በዚያ ቤት ውስጥ ቁልፉ የት እንዳለ የምታውቀው እሷ ብቻ ናት። አባቷ አንድ ነገር እየደበቁ ነው፤ የሚደብቁትም ለራሳቸው ብለው አይደለም። ማጅራቱ ላይ ክር ያደረገው ያን ማክሰኞ ከእናቱ ጋር ያዩት ወጣት መሆኑን ያውቃሉ። ልባቸውን ቢከፍቱለት ልጃቸው ትጋለጣለች። ስለዚህ እሷን ከማጋለጥ መሞትን መርጠዋል።

ሦስተኛውን ክር ቆረጠች። ቅርጫቷ ውስጥ አላኖረችውም። በመዳፏ ይዛው ወደ ደረጃው ሮጠች። በረኛው «ኧረ የት ነው!» አላት። «አባቴ ጋ!» አለችው፤ በሕይወቷ እንዲያ ጮሃ አታውቅም።

የወጌሾቹ ክፍል በብርሃን የተሞላ፣ ሁሉ ነገሩ ነጭ የሆነ ክፍል ነበር። በበሩ ስትገባ ከጫማዋ የሚወድቀው ሰጋቱራ ታያት። ዋናዋ ወጌሻ ቀና አለች። «ማን አስገባሽ?»

«ክሩን ይዤ መጥቼ ነው፣ እትዬ።»

«ክር በቅርጫት ነው የሚመጣው! ሰው ሊሞት ነው እዚህ፣ ውጪ!»

«የሚሞተው በእኔ ምክንያት ነው» አለች ካፊያ። ወጣቱ ከአልጋው ማዶ ቆሞ ያያታል፤ ያን ሁሉ ቀን ከሸሸችው ዓይን ፊት ለፊት። ዓይኑን ሳትሸሽ ቀጠለች። «የቆለፈው እኔን ለመሸፈን ብሎ ነው። አባቴ ነው። ያን ቀን ሲጠይቁኝ ዋሽቼዎታለሁ። ይሄ ሰው የወለደኝ አባቴ ነው።»

ፊታቸው አመድ የመሰለው ሽማግሌ ከትራሱ ላይ ራሳቸውን በትንሹ አነቃነቁ።

«የለም» አሉ በደከመ ድምፅ። «አይስሟት፣ እትዬ። ልጅቷ ደም አይታ ደንግጣ ነው። እኔ ልጅ የለኝም። እኔ ሰጋቱራ ነው የማመጣው።»

ካፊያ በጉልበቷ አልጋው ሥር ወደቀች። ያ ዓረፍተ ነገር ምን ያህል እንደሚያም እስከዚያች ደቂቃ አላወቀችም ነበር። ልጅ የለኝም። እሷ የሰጠቻቸውን ያንኑ ነገር መልሰው ሰጧት፤ ግን እሷ ለራሷ ብላ፣ እሳቸው ለእሷ ብለው።

«አባዬ፣ እንዲህ አትበል። እማዬ የሞተች ሰሞን ፀጉሬን መጎንጎን ከጎረቤት ሴት ተማርክ። ሦስት ቀን በገመድ ላይ ተለማመድክ። ከዚያ እንደምንም ብለህ ሠራኸኝ፤ ጠማማ ነበር። ትምህርት ቤት ሲስቁብኝ ‹አባቴ ነው የሠራኝ!› ብዬ ኮራሁባቸው። ሰባት ዓመቴ ነበር፤ ያኔ አላፈርኩብህም። ሳድግ ምን እንደነካኝ አላውቅም።» እጃቸውን ያዘች፤ ቀዝቅዟል። «ካድኩህ። በሰው ፊት ካድኩህ። አሁንም ያው ሰው ቆሟል፣ በእሱ ፊት ልናገረው። እባክህ አትሸፍነኝ። የምትሸፍነው ነገር አልቀረም።»

የሽማግሌው ዓይን ተከድኖ እንዳለ እንባ ከጥጉ ፈልቆ በጆሯቸው በኩል ወረደ። ጣታቸው በልጃቸው እጅ ውስጥ ትንሽ ታጠፈ። ወጣቱ ወጌሻ ክሩን ከመዳፏ አነሳ። ማጅራቱ ላይ፣ ከዚያ አንጓቸው ላይ አሳረፈው። አንድ ትንፋሽ፣ ሁለት ትንፋሽ... ክሩ ነጭ እንደሆነ ቆየ። ከዚያ ውስጡ ወተት የፈሰሰበት ይመስል በራ።

አስማቱ ሲመጣ ድምፅ የለውም። ደሙ ቆመ። ጭናቸው ውስጥ የሆነ ነገር በቀስታ ተገጣጠመ፤ ጋሽ ቀስ በረጅሙ ተነፈሱ። ካፊያ ግን እግራቸውን አላየችም። የምታየው የወጣቱን ፊት ነበር። መጀመሪያ ከንፈሩ ተንቀጠቀጠ። ከዚያ ፊቱ ደም ሸሸው። ከዚያ ዓይኑን ከፍቶ አያት፤ ወዲያው ደግሞ ሰበረው፤ እንደገና ቀና ብሎ ሊያያት አልቻለም።

አባቷ ዳኑ። እሷ ግን በዚያ ዓይን መሰበር ውስጥ የፍቅሯን መጨረሻ ያየች መሰላት።

*

ወጣቱ ሦስት ቀን አልመጣም። ጋሽ ቀስ ላይኛው ፎቅ ላይ፣ መስኮት አጠገብ ተኝተዋል። በረኛው ከዚያ ቀን ወዲያ አላገዳትም፤ ካፊያ ታጥባቸዋለች፣ ታበላቸዋለች። እሳቸውም «ደከመሽ፣ ሂጂ እረፊ» ከማለት በቀር ስለዚያ ቀን አንስተው አያውቁም።

በአራተኛው ቀን ዋናዋ ወጌሻ መጥታ እግራቸውን አየች። ስትወጣ ካፊያን በጣቷ ጠርታ ኮሪደሩ ላይ አቆመቻት።

«እኔ የጋሪ ገፊ ልጅ መሆንሽ አይደለም የቆረቆረኝ» አለች። «ጨርሶ አልቆረቆረኝም ብል ግን እዋሻለሁ፤ ትንሽ ቆርቁሮኛል። ግን የሚበልጠው ሌላ ነው። ያሳደጋትን አባት በአንድ መሐረብ ምክንያት የካደች ሴት ነገ ልጄን አትክደውም ብዬ በምን ልመን?»

«እውነትዎን ነው፣ እትዬ» አለች ካፊያ። «እኔም ራሴን ይህንኑ ነው የምጠይቀው።»

ሴትየዋ ለጠብ ተዘጋጅታ የመጣች ትመስል ነበር። ክንዷን አጣጥፋ ጥቂት አየቻትና ፈታችው። «መልሱን ስታገኚ ንገሪኝ» ብላ ሄደች። ጫማዋ ኮሪደሩ ላይ እየራቀ ሲሄድ ካፊያ ከግድግዳው ጋር ተለጥፋ ቀረች። ቢሰድቧት ይሻል ነበር፤ እውነት ሲነገር ማምለጫ የለውም።

ከሰዓት በኋላ ወጣቱ መጣ። ካፖርቱን አልለበሰም። ደረጃው ላይ ተቀምጣ አገኛትና ከእሷ አንድ ደረጃ ዝቅ ብሎ ተቀመጠ።

«ሰምተኸኛል» አለች። «ሰው ቢያወራልህ ይሻል ነበር። አንተ ግን ስክደው በእሱ ጆሮ ሰማኸኝ፤ በእሱ ልብ ውስጥ ሆነህ። ከዚያ በኋላ ዓይኔን ማየት አቃተህ። አልፈርድብህም።»

«ዓይንሽን ማየት ያቃተኝ በዚያ አይደለም።»

«ታዲያ በምን?»

አንገቱን ደፋ። «መሐላ አለብኝ፤ የእሳቸውን ልብ ላወራ አልችልም። የራሴን ጥፋት ግን ማውራት እችላለሁ። እዚያ ውስጥ ራሴን አገኘሁት።» «ከጥቂት ወራት በፊት አንድ ቀን ቸኩዬ በጓሮ ሳልፍ ጋሪያቸው መንገድ ዘግቶብኝ ነበር። ‹አንተ ሽማግሌ፣ አንሳው ይህን!› አልኳቸው። አንተ አልኳቸው። እኔ ረስቼዋለሁ፤ ፊታቸውን እንኳ አላየሁም ነበር። እሳቸው ግን ያኔ የኔንና ያንቺን ነገር ያውቁ ነበር። ልጃቸው የምትወደው ሰው መሆኔን እያወቁ ‹ይቅርታ ጌታዬ› ብለው አነሱልኝ። ላንቺም አልነገሩሽም።»

ካፊያ በሁለት እጇ አፏን ያዘች።

«በየቀኑ አጠገባቸው አልፋለሁ» አለ። «የሰው ልብ ውስጥ መግባት ሥራዬ ነው እያልኩ እኮራለሁ፤ ያለ ክር ግን አንድ ሰው ሰላም ማለት አልቻልኩም። አንቺ አባትሽን የደበቅሽው ከማን ነው? ከእኔ ዓይነቱ ሰው ነው። ሦስት ቀን ያልመጣሁት በምን ፊቴ እመጣለሁ ብዬ ነው።»

«አንተ አላወቅከውም» አለች። «እኔ አውቀው ነበር። አንድ አይደለም።»

«አንድ አይደለም» አለ። ሊያጽናናት አልዋሸም፤ ለዚያ ወደደችው። «ግን አብሮ ማፈር ይቻል እንደሆነ ልጠይቅሽ ነው የመጣሁት።»

ካፊያ እጇን ደረጃው ላይ አሳረፈች፤ እሱም የሱን አጠገቧ አሳረፈ። አልተነካኩም። በመሃላቸው አንድ ጣት የምታስገባ ክፍተት ነበረች፤ ካፊያ ሙቀቱ ተሰማት።

አብረው ገቡ። ጋሽ ቀስ ዓይናቸውን ከድነዋል። ወጣቱ አልጋው እግር ስር ቆመ። ካፊያ ከጎናቸው ተንበርክካ ፊቷን ብርድ ልብሱ ላይ ደፋች።

«አባዬ፣ ነቅተሃል?»

«እንደናንተ የሚያንሾካሽክ ሰው ደረጃ ላይ ተቀምጦ ማን ይተኛል?» አሉ ዓይናቸውን ሳይከፍቱ።

«እንግዲያ ተቆጣኝ። እለምንሃለሁ። ዝም አትበለኝ፣ ዝምታህን አልቻልኩትም። ስደበኝ።»

ሽማግሌው ዓይናቸውን ገለጡ።

«ልቆጣ ሞክሬ ነበር» አሉ። «ያን ማክሰኞ ጋሪውን ባዶውን እየገፋሁ ስሄድ ልቆጣ ሞከርኩ። አልመጣልኝም። የመጣብኝ ሀፍረት ነው። ልጄ በሰው ፊት ስትጨነቅ አየሁና፣ ምነው የሚያኮራ አባት በሆንኩላት ብዬ አፈርኩ። ላንቺ ብዬ አይደለም የምነግርሽ፤ ከብዶኝ ነው።»

ካፊያ እስከዚያች ሰዓት ድረስ ሀፍረትን የምታውቅ ይመስላት ነበር። አሁን የያዛት ግን ስም የለውም፤ ከአጥንቷ ሥር ነው የመጣው። ድምፅ አውጥታ አለቀሰች፤ በላይኛው ፎቅ በሽተኞች ፊት፣ በሩ ላይ ቆመው በሚያዩት ወጌሾች ፊት። ወጣቱ ሊያነሳት አንድ እርምጃ መጣና ቆመ። ከዚያ እሱም ከአጠገቧ በጉልበቱ ተቀመጠ።

«አባባ» አለ፣ «እርስዎን...» አልጨረሰውም።

ጋሽ ቀስ ወደ እሱ ዘወር ብለው ፊቱን መረመሩት፤ ለመጀመሪያ ጊዜ ቀና ብለው። ሻካራ እጃቸውን ከብርድ ልብሱ አወጡና መጀመሪያ የልጃቸው ራስ ላይ አኖሩት። ከዚያ ወደ ወጣቱ ዘርግተው ትንሽ አመነቱ።

«አሁን አቅም የለኝም» አሉ። «እግሬ ይጽና። ቁጣ አይቀርባችሁም፤ ሁለታችሁንም አንድ ላይ አስቀምጬ እቆጣችኋለሁ።»

«ሁለታችሁንም» ሲሉ ድምፃቸው ለሰለሰ። ካፊያ ቀና አላለችም። ፊቷ አሁንም በሀፍረት ይነዳል፤ ትከሻዋን የነካው ሌላ ትከሻም እንደ እሷው ይንቀጠቀጥ ነበር።